የማስታወሻው ግርጌ

«ይሄ የበርበሬ ዝግጅት ነው እኮ» ይላል ዶክተር አምሀ፣ ስልኬን መልሶ ሊሰጠኝ እየዘረጋ።

«ወደ ታች ዝቅ ያድርጉት ዶክተር። ርእሱ ነው እንጂ ውስጡ የሃይሚ ነው።»

ይስቃል። እኔ አልስቅም። ስልኬ ላይ ያለው ማስታወሻ ቁልፍ የለውም፤ ስልኩን ያነሳ ሁሉ ያነበዋል። ጎረቤት ልደውልበት ብላ ትወስደዋለች፣ የባሌ እህት ፎቶ ልይ ትላለች። ልጄ ሃይሚ አሥራ አምስት ዓመቷ ነው፤ የሚጥል በሽታ አለባት ከተባለ ነገሌ ውስጥ ማን ያገባታል? ስለዚህ «የበርበሬ ዝግጅት» አልኩት። የመጀመሪያዎቹ ሦስት መስመሮችም የእውነት በርበሬ ናቸው።

ማስታወሻው የሚጎድለው ብዙ ነው። የሚያወጣው የፈረንጅ ቀን ብቻ ስለሆነ የእኛን በእጄ እጽፋለሁ። ሠንጠረዥ የለውም፤ ለጣላት ቀን ኮከብ፣ ለሰላም ቀን ነጥብ አደርጋለሁ። በከፈትኩት ቁጥር ከላይ ስለሚጀምር ደግሞ አዲሱን ከበርበሬው ሥር፣ ከአሮጌው በላይ አስገባለሁ። ታች ያለው የመስከረም ነው። እዚያ ምን ልሠራ እወርዳለሁ?

ዶክተሩ ከክብረ መንግሥት በወር አንዴ ነው የሚመጣው። ሦስት ወር ካልጣላት ኪኒኑ በነበረው ይቀጥላል፣ ከጣላት ይጨመራል ብሎን ነበር። ሃይሚን የሚያስፈራት ግን ኪኒኑ አይደለም። ትምህርት ሲከፈት «አንድ ቀን እዚያ ከጣለሽ ቤት ትቀሪያለሽ» ብያታለሁ። ክፉ ሆኜ አይደለም። የትምህርት ቤቱ ደረጃ ሲሚንቶ ነው። በየቀኑ ጭንቅላቷ እዚያ ላይ ሲያርፍ ይታየኛል።

ዶክተሩ ማስታወሻውን በአውራ ጣቱ ወደ ታች ይገፋዋል። ሚያዝያ ነጥብ፣ መጋቢት ነጥብ፣ የካቲት ነጥብ፣ ጥርም ነጥብ። ኮከብ የሚገኘው ታኅሣሥ ላይ ነው። ሦስት ወር አልፎታል። እሱ ግን አያቆምም። መስከረምንም ያልፍና ባዶውን ይገፋዋል።

«እዚያ ጋ ምንም የለም» ትላለች ሃይሚ፣ አጠገቤ ካለው ወንበር ብድግ ብላ።

«የካቲት 3» ብሎ ያነባል። «ሒሳብ ክፍለ ጊዜ። ሲንቄ ጭንቅላቴን ቦርሳዋ ላይ አደረገችልኝ። የካቲት 21፣ ሰልፍ ላይ። መጋቢት 14...» ቀና ብሎ ያየኛል። «ይሄን የጻፉት እርስዎ ነዎት?»

የካቲት 3 ነጥብ ነው ያደረግኩት። እራቷን በልታ፣ ስቃ ነው የተኛችው።

«እኔ ነኝ» ትላለች ሃይሚ። «ዶክተሩ ሳያውቅ እንዴት ያክመኛል ብዬ ነው። አንቺ ደግሞ ወደ ታች አትወርጂም። አንቺ ፊት ጮክ ብሎ ያነበዋል ግን አላልኩም።»

«ጓደኛሽ ሲንቄ ታውቃለች?»

«ክፍሉ በሙሉ ያውቃል፣ እማዬ። ስልሳ ሁለት ነን። ቲቸር ሲደነግጥ ሲንቄ በኦሮምኛ ‹ኦብሲ› ትለዋለች፤ ‹ትንሽ ታገስ፣ ቲቸር፣ አሁን ይለቃታል› ማለቷ ነው።» ሳቅ ይመጣባትና ፊቴን አይታ ትተወዋለች።

ስልሳ ሁለት ልጅ። እኔ ከአንዲት ጎረቤት ልደብቅ ብዬ በርበሬ እነሰንሳለሁ።

ስልኩን ከዶክተሩ እጅ እቀበልና የቀረውን ራሴ አነባለሁ። «መጋቢት 14፣ ደረጃው ላይ። ክርኔ ተላጠ። ለእማዬ አጥር ላጠኝ እላታለሁ።» ክርኗን በሞቀ ውኃ አጥቤ ቫዝሊን የቀባሁት እኔ ነኝ። በአጥር ስለሾለከች ተቆጥቻት ነበር።

ዶክተሩ ወረቀት ላይ እየጻፈ ነው። «ጎበዝ ልጅ ናት» ይላል። «ያለሷ ጽሑፍ ዛሬ በነበረው ኪኒን ነበር የምሸኛችሁ።» ቀዶ ይሰጠኛል። «ጠዋት አንድ፣ ማታ ሁለት። ሌላ የሚጠይቁት ነገር አለ?»

ወረቀቱን እቀበለዋለሁ። ሃይሚ ‹ቤት ትቀሪያለሽ› እስክላት ትጠብቃለች። ዓይኔን ታያለች፣ ከዚያ ከንፈሬን፣ ከዚያ ወረቀቱን የያዘውን እጄን። እኔ ሁልጊዜ ጠዋት በር ላይ እሷን የማያት እንዲህ ነው፤ በሽታው ሊመጣ ይሆን፣ ዛሬ ያልፈን ይሆን እያልኩ።