የታሰረው ዘነዘና

አዲሱ ሕግ ከወጣ ወዲህ የተራራው ወንዝ ባለቤት እንቁራሪቷ ናት። ያቺ ዛፍ ላይ የምትኖር አረንጓዴ እንቁራሪት ስትጮህ የመንደሩ ቧንቧ ይከፈታል፤ ሰው ረብሿት ዝም ካለች ይዘጋል። ስለዚህ መንደሩ በሹክሹክታ ያወራል፤ ውሻና አውራ ዶሮ አይያዝም። አስካለም በርበሬ የምትወቅጠው የዘነዘናዋን ጫፍ በጨርቅ አስራ ነው። ወጧ ሁልጊዜ ክር ክር ይላል።

ዛሬ ልጇን ሽታዬን ቀበረች። ወንዙ ልጅቷን የወሰዳት እናቷ ከምትወቅጥበት ጓሮ አጠገብ ነው። ሽታዬ መጮህ አታውቅም ነበር፤ ሲርባትም ሲያማትም ጆሮ ድረስ መጥታ ነበር የምትናገረው።

ለቀስተኛው አፉን በጋቢ ይዞ ድንኳኑ ውስጥ ተቀምጧል። አስካለ «ልጄን!» ልትል ስትነሳ የእድሩ ዳኛ አቶ ገብረሚካኤል ክንዷን ጨመደዱ።

«ቀስ በይ አንቺ! መንደሩን በውሃ ጥም ልትፈጂው ነው?»

«ለልጄ አላልቅስ?»

«አልቅሺ፤ ማን ከለከለሽ? ግን በሆድሽ።»

አስካለ እጃቸውን መንጭቃ ወደ ጓሮ ሄደች። የዘነዘናውን ጨርቅ በጥርሷ ቦጫጭቃ ጣለችና ባዶውን ሙቀጫ ትደልቀው ጀመር። ጫካው አስተጋባ። እንቁራሪቷ ዝም አለች። ከቧንቧው ጄሪካን ላይ ይወርድ የነበረው ውሃ ቀጠነ፤ ከዚያም ቆመ።

«ኧረ ፈጀችን! ኧረ ጉድ ሆንን!» ብለው አቶ ገብረሚካኤል ራሳቸውን ይዘው ጮኹ። ድንኳኑም ተከትሏቸው ዋይ ዋይ አለ።

አስካለ ዘነዘናውን አስቀመጠች።

«እሰይ! እንዲህ ነው እንጂ» አለች፤ «አሁን ገና ለልጄ ተለቀሰላት።»