የሰባት መጽሐፍ ባለቤት

"ይሄን መጽሐፍ የጻፈው ማነው?" አለችው።

"እኔ ነኝ።"

"እርስዎ?"

ቀና ብላ እጆቹን አየች… ለስላሳ ናቸው።

"ፋብሪካ ውስጥ ሠርተው ያውቃሉ?"



"እርስዎ" የምትለው ሴት የሠላሳ አንድ ዓመት ሚስቱ ናት…

የመርሳት በሽታ ከያዛት ሦስት ዓመቷ ነው። መጀመሪያ የቤቷ መንገድ ጠፋት፣ ከዚያ የሰው ስም፣ በመጨረሻም የሱ ፊት።

እሱን ግን የማያውቀው የለም። "ዶክተር" ከተባለ እሱ ነው። በሥራ አመራር ሰባት መጽሐፍ ጽፏል። የድርጅት ኃላፊዎች እሱን ሳያማክሩ እቅድ አያወጡም። "ሰውን ከመቅጣትህ በፊት ጠረጴዛውን አንቀሳቅስ" የምትለዋ ምክሩ በየቢሮው ግድግዳ ላይ ተለጥፋለች።

ግን ዶክተር አንድም ቀን ፋብሪካ ውስጥ ሠርቶ አያውቅም!

የሠራችው እሷ ናት። በሳሙና ፋብሪካ የፈረቃ ኃላፊ ነበረች… አሥራ አራት ዓመት።

አንድ ጊዜ አለቃዋ "አሻጊዎቹ ለግመዋል፣ ይቀጡ" አለ። እሷ አብራቸው ተቀመጠች። ለካ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት በኋላ ፀሐይ በመስኮቱ ገብታ ዓይናቸውን ትወጋለች። ጠረጴዛውን አስነሳችው። በቃ፣ ሥራው ተቀላጠፈ።

ማታ ማታ ያበጠ እግሯን ሳፋ ውስጥ ነክራ የዋለችበትን ስታወራ… እሱ ይጽፍ ነበር።

የመጀመሪያው መጽሐፍ ሲወጣ ከፊት እስከ ኋላ ገለጠችው።

"እኔ የለሁበትም እንዴ?" አለች እየሳቀች።

"በሚቀጥለው እትም…"

ሁለተኛው ላይ ደግማ ጠየቀችው።

"አንቺና እኔ ምን መለያየት አለን?" አላት።

ሦስተኛው ላይ አልጠየቀችም።

እና ያን ቀን፣ "ፋብሪካ ውስጥ ሠርተው ያውቃሉ?" ስትለው… የራሱን እጆች አየ።

በሳምንቱ የሥራ አስኪያጆች ማኅበር የሕይወት ዘመን ሽልማት ሰጠው። አዳራሹ ጢም ብሏል። ያዘጋጀውን ንግግር አጥፎ ኪሱ ከተተው።

"የጻፍኩት የሚስቴን ነው" አለ። "ሐሳቡም ድካሙም የሷ ነው። ሰርቄያታለሁ።"



ከፊት አንድ ሰው ተነስቶ አጨበጨበ። ከዚያ ሁሉም ተነሳ!

መድረክ መሪዋ እንባዋን እየጠረገች፣ "ክቡራትና ክቡራን… ትሕትና ማለት ይህ ነው!" አለች።

"ኧረ የእውነቴን ነው!" ብሎ ጮኸ።

ጭብጨባው ባሰ።

ሲወርድ አሳታሚውን ክንዱን ያዘው። "ስሜን ከሽፋኑ አንሳልኝ፤ የሷን አድርግ።"

አሳታሚው ሳቀ። "ውሉ ባንተ ስም ነው ዶክተር። ደግሞ እሷን ማን ያውቃታል?"

የዚያን ቀን ቪዲዮ ሳታዩት አትቀሩም። እኛም በገጻችን ለጥፈነው ነበር… "ሚስቱን የሚያከብር ወንድ" ብለን። እውነቱን ከቤታቸው ሰው እስክንሰማ ድረስ እኛም ካጨበጨቡት መሃል ነበርን።

ቤት ሲገባ መስኮቱ ሥር ተቀምጣለች። ሽልማቱን ጭኗ ላይ አኖረላት።

"ያንቺ ነው።"

አገላብጣ አየችው። "የሰው ስም አለበት እኮ!"

"ስሙን ተዪው። መጽሐፎቹን ሁሉ ያንቺን ነው የጻፍኩት።"

አፏን በእጇ ይዛ ሳቀች።

"እኔ ደግሞ ምን አውቄ! ይልቅ ለባለቤቱ ይመልሱለት። ስንት ለፍቶበት ይሆናል…"

ወለሉ ላይ ተቀምጦ እንደ ሕፃን አለቀሰ።

አሳዘናት። መሐረቧን አውጥታ ሰጠችው።

"አይዞዎት የኔ ጌታ" አለችው። "የጠፋብዎት ነገር አለ እንዴ?"

ወዳጆች…

ለሰው የሚገባውን ስጡት። ሊሰማችሁ በሚችልበት፣ ራሱንም እናንተንም በሚያውቅበት ጊዜ ስጡት። ዶክተር እውነቱን ተናግሯል… የሚቀበለው ግን አላገኘም።

እናንተስ? ዛሬ የቆማችሁበት ቦታ የማን ልፋት ነው?

ኮሜንት ላይ ስሙን ጻፉት። ከመጻፋችሁ በፊት ግን… ደውሉለት።