አምስት ቆርቆሮ ሣቅ

ሣህሌ የጓደኛውን የለገሠን አባት ቅዳሜ ዕለት ገደላቸው፤ በአፉ።

ሰውዬው አዲስ አበባ ውስጥ በሙሉ ጤንነት የሚኖሩ ጡረተኛ መምህር ናቸው። ሣህሌ ግን እዚህ ባሕር ማዶ፣ ፌርፋክስ ጎዳና ላይ ለሚኖሩት ለአገር ልጆች ሽማግሌ ለጋሼ አበጋዝ፣ «ወንድሜ ጽፎልኝ ነው፤ የለገሠ አባት ዐርፈዋል» ብሎ አንገቱን ደፋ። ጋሼ አበጋዝም እንደ ወጉ፣ «ትንፍሽ እንዳትል። ማክሰኞ ማለዳ ተሰብስበን እናረዳዋለን» አሉት። ደብዳቤውን አሳየኝ አላሉትም። መርዶ ማን ያጣራል?

ነገሩ ወዲህ ነው። ለገሠ ግሌንዴል ውስጥ ከአንድ ያርድ ሴል፣ ግቢ ላይ ከተዘረጋ የአሮጌ ዕቃ ሽያጭ፣ አምስት ቆርቆሮ ፊልም ገዝቷል። ከመድረክ ቴአትር የተወሰደ ድምፅ አልባ ኮሜዲ ነው፤ ሃምሳ ዓመት ጠፋ ሲባል የኖረ። ሣህሌ ደግሞ ሲኒማ ይማራል። ፕሮፌሰሩ፣ ያን ፊልም ካመጣህልኝ ሥራ አስቀጥርሃለሁ ብለውታል። ሥራ ካላገኘ ቪዛው በሰኔ ያበቃል።

«ለገሠ፣ ፕሊስ፣ ሽጥልኝ።»

«አይሸጥም አልኩህ እኮ።»

«ሶ፣ ጋራዥ ውስጥ ተቀምጦ ምን ይሠራልሃል?»

«አንተ ምን አገባህ!»

ሣህሌ ይህን ንፉግ አምርሮ ጠላው። ለቅሶ ቤት በር አይዘጋም፤ ማን ገባ፣ ማን ምን ይዞ ወጣ የሚል የለም። በኋላ ወሬው ስሕተት ነበር ቢባል እንኳ፣ አባቱ ከሞት ሲነሡለት የሚቆጣ ልጅ የት አለ?

ማክሰኞ ንጋት ላይ ለገሠ በሩን ከፍቶ ያን ሁሉ ሰው ሲያይ ማንም ሳይነግረው ገባው። ደረቱን እየደቃ ወለሉ ላይ ወደቀ። ከሁሉ አብልጦ ያለቀሰው ሣህሌ ነበር።

ወደ አዲስ አበባ ስልክ ቢሞከርም መስመሩ አልገባ አለ፤ ሣህሌ ሁለት ቀን ሙሉ ወንበር ሲደረድር፣ ለቀስተኛ ኮሪያታውን ከሚባለው ሰፈር በመኪና ሲያመላልስ ዋለ። ጋራዡ ግን አልመች አለው። ለገሠ በየሰዓቱ እዚያ እየገባ ይቆያል። ሲወጣም ሣህሌን ትክ ብሎ ያየዋል። ነቅቶብኛል፣ ይልና ሣህሌ ወደ ወንበር ድርደራው ይመለሳል።

ሐሙስ ጠዋት የለገሠ ሚስት ሮማነወርቅ፣ «ጋርቤጁን አውጣልኝ፣ የኔ ወንድም» አለችው። የወረቀት ሳሕኑን፣ ጠርሙሱን፣ ደጅ የተቀመጠውን ከባድ ጥቁር ላስቲክ ሁሉ እያቃሰተ መንገድ ዳር ደረደረ። የቆሻሻ መኪናው መጥቶ ጠራርጎ ወሰደው።

ሰው ሁሉ ለሠልስቱ ማዕድ ሲቀርብ ሣህሌ ሹልክ ብሎ ጋራዥ ገባ። የፊልሙን ሣጥን ከፈተ። ባዶ ነው።

«እሱን ነው የምትፈልገው?»

ለገሠ ከኋላው ቆሟል። ዓይኑ አብጦ ተጨፍኗል ማለት ይቻላል።

«አባባ ፊልሙ የተወሰደበትን ቴአትር ከተማሪዎቻቸው ጋር ይሠሩት ነበር። ለፋሲካ ሲመጡ ላሳያቸው ነበር ያስቀመጥኩት፤ ሰርፕራይዝ። አሁን እንዴት ብዬ ልየው? ለመጣል ደግሞ እጄ እምቢ አለኝ፤ ሮማን ናት ላስቲክ ውስጥ የከተተችው» አለና ሣህሌን አቅፎ ትከሻው ላይ አለቀሰ። «ዛሬ ጠዋት ላስቲኩን ያወጣኸው አንተ ነህ አሉኝ። እግዚአብሔር ይስጥህ።»