ባንዲራው ዳግም ሲሰቀል

«ቀስ በል! የምትስበው ባንዲራ ነው እንጂ የጉድጓድ ባልዲ አይደለም!» ይላል ፊልም አንሺው ማማዱ ዲያራ፣ ዓይኑን ከካሜራው ሳያነሣ።

«ዝም በል አንተ አደንጓሬ በላ!» ይመልሳል ሽማግሌው ዙማና ትራኦሬ፣ ገመዱን እንደጨበጠ። «ባለፈው ወር አሳምሬ ሰቅዬው ነበር። ፊልሙን ያበላሻችሁ እናንተ፣ ተቀጪው እኔ?»

አደባባዩን የሞላው የማሊዋ ሴጉ ከተማ ሕዝብ ያሽካካል። ሽማግሌው እውነቱን ነው። የነጻነቱን በዓል የያዘውን ፊልም አንድ የኬላ ዘበኛ፣ ኮንትሮባንድ መስሎት፣ ቆርቆሮውን ከፍቶ በጠራራ ፀሐይ ሲፈትሸው ብርሃን አቃጥሎታል። ስለዚህ ያው ሕዝብ በዚያው ልብስ፣ በዚያው ቦታ ቆሞ፣ ደስታውን እንዲደግም ታዟል።

ትራኦሬና ዲያራ ከቅድመ አያቶቻቸው ጀምሮ በቀልድ ሲሰዳደቡ የኖሩ ጎሳዎች ናቸው። በስድቡ መቀየም ነውር ነው፤ አንዱ ሲለምን ሌላው መንፈጉ ደግሞ ከነውርም የከፋ።

ማማዱ የሽማግሌውን የዘመቻ ሜዳሊያ ሊያቃና ይጠጋል። ዙማና ድምፁን ዝቅ ያደርጋል።

«ስማኝ አሽከሬ። ፊልሙን ለሚኒስትሩ ስታሳይ ከጎናቸው አይደል የምትቀመጠው? የልጄን ስም ጥራልኝ። ላሚን ትራኦሬ በላቸው። በበዓሉ ማግስት ከቤቴ ወሰዱት፤ ይኑር ይሙት የሚነግረኝ አጣሁ። አንተ ዲያራ ነህ፤ እምቢ አትለኝም።»

ማማዱ ሜዳሊያውን አቃንቶ እጁን ይሰበስባል። እንዲህ ያለ ስም በባለሥልጣን ጆሮ ጣል ያደረገ ባልደረባ ነበረው፤ ዛሬ የእሱንም ስም የሚያነሣ የለም። እሺ ለማለት ድፍረቱ የለውም፣ እምቢ ለማለትም ደሙ አይፈቅድለትም። በሁለቱ መካከል አንዲት ጠባብ መሸሸጊያ ትታየዋለች።

ይስቃል።

«ወይ ትራኦሬ!» ይላል ጮክ ብሎ፣ ሁሉም እንዲሰማው። «ሆዳችሁ ሲሞላ ሚኒስትርም ማዘዝ ያምራችኋል!»

ሕዝቡ ነገሩን ሳያውቅ በልማድ ያውካካል። ሽማግሌው ገመዱን ዳግም ይጨብጣል።

ከበሮው ይመታል፤ እልልታው ይቀልጣል፤ ባንዲራው በታዘዘው ዝግታ፣ እንከን በሌለው ግርማ ይወጣል።

«ግሩም!» ይጮኻል ማማዱ። «አንተ ዶሮ ሌባ፣ ዛሬስ ሰው መሰልክ!»

ሁሉም ወደ ዙማና ዞሮ መልሱን ይጠብቃል። ሽማግሌው ገመዱን ያስራል፤ ቆቡን ያወልቃል፤ ለማያውቁት ባለሥልጣን እንደሚደረገው ከወገቡ ጎንበስ ይላል።

«አላህ ዕድሜዎን ያርዝመው፣ ጌታዬ።»

ለሳቅ የተከፈቱት አፎች ሁሉ እንደተከፈቱ ይቀራሉ።