ሰባት ቤት ቁጠሪ የተባለችው ብርነሽ

"ልጅቷ የጃለታ ናት! በደም ተረጋገጠ!"

ይህን እየጮኸች በሬን በርግዳ የገባችው ባዩሽ ናት... የጃለታ እህት። ታሪኩን የሰማሁት ከእሷ አፍ ነው። መጨረሻውን ግን የነገረችኝ ሌላ ሰው ናት...

ጃለታና ሚስቱ ጎረቤቶቼ ናቸው። እዚሁ ጉለሌ፣ በአንድ አጥር።

ጃለታ ጎሚስታ ቤት ይሠራል። ሸምበቆ የመሰለ ቀጭን ሰው።

ሚስቱ ብርነሽም ብትሆን ንፋስ የሚወስዳት ናት።

የወለዷት ሄርሜላ ግን... ገና ሁለት ዓመት ሳይሞላት ባቷ እንደ ሯጭ ተወጥሮ፣ ክንዷ ፈርጥሞ...

ባለ አምስት ሊትር ጀሪካን ከነውሃው ከመሬት ስታነሳ በዓይኔ አይቻለሁ!

ታዲያ ሰፈሩ ዝም ይላል?

"መርፌ እያስወጓት ነው" ያለ አለ።

"ኧረ አባትየው ሌላ ነው... አንዱ የመርካቶ ኩሊ ይሆናል" ያለም አለ።

እውነቱን ልናገር... ይቺን ሁለተኛዋን እኔም ብያለሁ።

ወሬው ጃለታ ጆሮ ገባ። ሰውየው እህል መብላት ተወ።

ብርነሽ ግን አላለቀሰችም። "ተነስ፣ ሐኪም ቤት እንሂድ። ደማችንን ይዩት" አለችው።

ባዩሽም አብራ ሄደች። የአባት፣ የእናትና የልጅ፣ የሦስቱም ደም ተወሰደ። ውጤቱ ከውጭ አገር እስኪመጣ ወራት ፈጀ።

እና ያን ባዩሽ በሬን በርግዳ የገባች ቀን መጣ።

"ምን አለች ዶክተሯ?" አልኳት ባዩሽን።

"ሰውነታችን ውስጥ ጡንቻን 'በቃ፣ ከዚህ አትለፍ' የሚል ፕሮቲን አለ አለች።"

"ፕሮቲን? እንደ እንቁላሉ?"

"ኧረ አንቺ ደግሞ! ሰውነት ራሱ የሚሠራው ነው። ሄርሜላ እሱ የላትም። ጡንቻዋን በቃ የሚለው ስለሌለ ዝም ብሎ ይወፍራል።"

"በሽታ ነዋ?"

"አይደለም አለች። ግን በየጊዜው እያመጣችሁ እንያት ብላለች።"

"የጃለታ መሆኗስ በምን ታወቀ?"

"ይሄን ነገር የሚያዘው ዘር ሁለት ነው... አንዱ ከእናት፣ አንዱ ከአባት። አንዱ ቢበላሽ ሌላው ይሸፍናል። የሄርሜላ ሁለቱም ተበላሽቷል። አንዱን የሰጠቻት ብርነሽ፣ አንዱን የሰጣት ጃለታ! ወንድሜ እዚያው ልጁን አቅፎ አለቀሰ።"

እዚህ ላይ አፌን ብዘጋ ምን ነበረበት?

አልዘጋሁም...

"ቆይ ባዩሽ... ከስንት ሺህ ሰው አንዱ ላይ የማይገኝ ብልሽት ባልም ሚስትም ላይ እንዴት ተገኘ? ዘመዳሞች ቢሆኑ ነው እንጂ!"

ባዩሽ ፊቷ ተለወጠ። "እስቲ አንቺው እይው" ብላ ወረቀቱን ሰጠችኝ።

ሁለት ገጽ ነው። ፈረንጅኛ። እኔ አማርኛውንም በጣቴ እየተከተልኩ ነው የማነበው...

ግን አልችልም ለማለት አፈርኩ።

የመጀመሪያውን ገጽ ከላይ እስከ ታች አየሁና ራሴን ነቀነቅኩ።

"ያው ነው... ያልኩት ነው" አልኳት።

በሦስተኛው ቀን ወሬው የጃለታ እናት እማማ ንግሥት ዘንድ ደረሰ።

"ልጄ እህቱን አግብቶ ኖሯል!" ብለው ነጠላቸውን አዘቅዝቀው መጡ።

ሽማግሌ ተሰበሰበ። እኔም ወንበር አቀብዬ ጥግ ይዣለሁ።

"የእኛ ልጅ ሰባት ቤቱን ቆጥሯል። አንቺም ቁጠሪ" አሏት እማማ ንግሥት ብርነሽን።

"ስንጋባ መች ጠየቁኝ እማማ?"

"ያኔ አክስትሽን አምነን ነው። አሁን ቁጠሪ!"

ብርነሽ አባቷ የሞተው ሳትወለድ ነው። ቀጨኔ ያሳደገቻት የእናቷ እህት ናት... እሷም አርፋለች።

"ብርነሽ ለሜሳ..." ብላ ጀመረች። "ለሜሳ ጉተማ... ጉተማ..."



"ጉተማ ማን?"

"አላውቅም እማማ... የነገረኝ ሰው የለም።"

"አያችሁ! ስትደብቅ!"

አለማወቋ እንደ ማስረጃ ተቆጠረባት። ጃለታ ቀና ብሎ እንኳን አላያትም።

በሳምንቱ ልብሱን ይዞ ወጣ።

ዓመት ከምናምን አለፈ...

ባለፈው ሰኞ ብርነሽ ሄርሜላን አሳይታ ከሐኪም ቤት ስትመለስ እኔ ደጃፍ ላይ ቁጭ ብላ ተንሰቀሰቀች።

ዶክተሯ "አባቷስ ለምን ቀረ?" ብላ ጠይቃት፣ ምክንያቱን ስትሰማ ደንግጣ ያንኑ ወረቀት ገለጠች።

ሁለተኛውን ገጽ።

የጃለታው ዘር የተበላሸው አንድ ቦታ ላይ ነው። የብርነሽ ደግሞ ሌላ ቦታ ላይ!

"ከአንድ አያት ወርሳችሁት ቢሆን ብልሽቱ አንድ ዓይነት ይሆን ነበር። ይሄ ለየቅል ነው፤ እሱ ከወገኑ፣ አንቺ ከወገንሽ ነው ያመጣችሁት። ማን ነው ዘመዳሞች ናችሁ ያላችሁ?" ብላ ጠየቀቻት።

ብርነሽ ይሄን እየነገረችኝ እጄን ያዘችው።

"ማን እንደጀመረው እስከ ዛሬ አላውቅም... ያልሸሸሽኝ አንቺ ብቻ ነሽ እታለም።"

እኔም... "አይዞሽ" ብዬ እንባዋን ጠረግኩላት።

ወገኖቼ... አላውቅም ማለት የሚያሳፍረው ለአንዲት ደቂቃ ነው። ያላወቁትን እንዳወቁ ማውራት ግን የሰው ትዳር ይበላል።

እናንተ በእኔ ቦታ ብትሆኑ ምን ታደርጉ ነበር? "የጀመርኩት እኔ ነኝ" ብላችሁ ትነግሯታላችሁ... ወይስ የቀረቻትን አንዲት ጎረቤት እንዳታጣ ዝም ትላላችሁ? እስቲ ከልባችሁ ጻፉልኝ።

"ከዚያስ ምን ሆኑ?" ለምትሉኝ...

ጃለታ ሱሉልታ ሌላ አግብቷል። ሚስቱ የስድስት ወር ነፍሰ ጡር ናት።

እማማ ንግሥት የልጅ ልጃቸውን ከዚያ ወዲህ አላዩም።

ባዩሽ በእኛ ደጅ አታልፍም።

ብርነሽ ጳውሎስ አካባቢ አንድ ካፌ ውስጥ ዕቃ ታጥባለች።

ሄርሜላ አራተኛ ዓመቷን ይዛለች። ጤነኛ ናት።