የተደረመሰው ጣሪያ

ደረሰ ከሮም ወጣ ብሎ በሚገኘው ጥንታዊ ፍርስራሽ መሃል የተከራየውን ብስክሌት አቁሞ፣ አንድ የመቃብር ቤት ጣሪያ ላይ ሲወጣ ድንጋዩ ከእግሩ ሥር ተደረመሰ። ሚስቱ ወይንሸት ሮጣ ስትደርስ ባሏን ከቁመቱ እጥፍ በሚጠልቅ ጉድጓድ ውስጥ አፈር ለብሶ አገኘችው።

«አትቅረቢ! ጠርዙ ይናዳል!»

ብትጣራም የሚሰማት ሰው አልነበረም። በደረቷ ተኝታ የራሷን ብስክሌት ወደ ታች ሰደደችለት።

«ግድግዳው ላይ አስደግፈውና ኮርቻው ላይ ቁም። እጅህን እይዝሃለሁ!»

ብስክሌቱን ተቀበላት። ወዲያው ሌላ ድንጋይ ትከሻውን ታክኮ ወደቀ። ደረሰ ባለበት ደርቆ ቀረ።

«ወይንዬ፣ ሳልነግርሽ እንዳልሞት። ከመጋባታችን በፊት የወለድኳት ልጅ ሐዋሳ አለችኝ። እስከ ዛሬ ደበቅኩሽ።»

ወይንሸት የዘረጋችውን እጇን ስትሰበስብ አይቶ ዓይኑን ጨፈነ።

እሷ ግን የእጇን ላብ በቀሚሷ ጠርጋ መልሳ ዘረጋችለት።

«ረድኤትን ነው የምትለኝ?» አለችው። «ስንመለስ አውሮፕላን ማረፊያ የምትቀበለን እሷ ናት። በል አሁን ውጣ።»