ዝናብ መጥረጊያው ያቆመበት ምክንያት

ባለመኪናው ጋራዥ የመጣው ዝናብ መጥረጊያው አልሠራ ብሎት ነው። መካኒኩ ውብእሸት ፊውዙን አየ፤ ደህና ነው። ሞተሩን በቀጥታ ከባትሪ ጋር ቢያገናኘው ድምፅ የለም፤ ተቃጥሏል። ሊፈታው ከመስታወቱ ሥር ያለውን ክዳን ሲያነሳ የበሰበሰ ሥጋ ሽታ አፍንጫውን መታው። የደረቀ ደም ላይ ዝንብ ይርመሰመሳል።

«ጋሼ፣ ይሄ ደግሞ ምንድን ነው?»

«ጅብ ገጭቼ ነው ባክህ! ይልቅ ቶሎ ቀይርልኝና ልሂድበት» አለ ባለመኪናው፣ አፍንጫውን በመሐረብ ይዞ።

ውብእሸት ምራቁን እንትፍ እያለ ሞተሩን ፈታ። መጥረጊያውን አንቆ ይዞ ሞተሩን ያቃጠለው ዘንጉ ላይ የተጠመጠመ ጥቁር ክር ነበር። በጥፍሩ ቀስ አድርጎ ፈለቀቀው። ማተብ ነው፤ ትንሽ የእንጨት መስቀል ተንጠልጥላበታለች።

«አልጨረስክም?» አለ ሰውየው።

«ልጨርስ ነው ጋሼ» አለና ሄዶ የጋራዡን በር ከውስጥ ቆለፈ።